ከምንጩ በላይ ምን እንትከል?

(በማኅበራችን ጠቅላላ ስብሰባ ላይ በአንዲት አባል የቀረበ ንግግር። አባላት በጽሑፍ እንዲደርሳቸው በጠየቁት መሠረት እዚህ ታትሟል።)



ሰብሳቢያችን «ስለ ሰው ልጅና ስለ ተፈጥሮ ጥቂት ተናገሪልን» ብላ ነው ያዘዘችኝ። ርእሱ ሰፊ ነው። እኔ እዚህ ቆሜ ስለ ዓለም ሙቀት መጨመርና በሩቅ ስለሚቀልጠው በረዶ ብናገር ታጨበጭቡልኝና ወደ ቤታችሁ ትሄዳላችሁ፤ ነገ ጠዋት ግን ምንም የሚለወጥ ነገር የለም። ስለዚህ የማወራው ሁላችሁም ስለምታውቁት ስለ አንድ ኮረብታ ነው። ከምንጩ በላይ ስላለው፣ እንድናለማው ስለተፈቀደልን ራቁቱን ስለቆመው ኮረብታ።

ባለፈው ስብሰባ በዚህ ጉዳይ ድምፅ ከፍ ከፍ እንዳለ ታስታውሳላችሁ። ገሚሶቻችን «ባሕር ዛፍ ይተከልበት» አልን፤ ገሚሶቻችን «አገር በቀል ዛፍ» አልን። አንዲት እናታችን ተነሥተው «ዝግባ እስኪያድግ እኔ የት አለሁ?» ሲሉ ብዙዎቻችሁ ሳቃችሁ። እኔ ግን አልሳቅሁም፤ ጥያቄው እውነተኛ ጥያቄ ነው። ዕዳ ያለባት፣ የልጅ ደብተርና የቤት ኪራይ የሚጠብቃት ሴት ሃምሳ ዓመት ጠብቂ ብትባል ምን ትመልሳለች? ባሕር ዛፍ በአራት በአምስት ዓመት አጣና ይወጣዋል። ተቆርጦም ከጉቶው መልሶ ያቆጠቁጣል። ከብት አይበላውም። ግንዱ ለምሰሶ፣ ቅርንጫፉ ለማገር፣ ጭራሮው ለማገዶ፣ ቅጠሉ ለምጣድ ይሆናል። ይህን ሁሉ በአንድ ጊዜ የሚሰጥ ሌላ ዛፍ ካለ ንገሩኝ።

ደግሞም ለዚህ ዛፍ ባለዕዳዎች ነን። ዳግማዊ ምኒልክ እንጦጦ ላይ ከትመው ሳሉ ብርዱም የማገዶ እጦቱም ያስቸግር ነበር። እቴጌ ጣይቱ ፍል ውኃው አጠገብ ቤት አሠርተው ቦታውን አዲስ አበባ ያሉት በ1879 ዓ.ም. ገደማ ነው። ሰዉ ተከትሎ ወረደ፤ ቤት ተሠራ፣ እሳት ነደደ፣ ዙሪያው ተመነጠረ። በዚያ ዘመን ከተማ ማለት ማገዶው ሲያልቅ ድንኳኑን ነቅሎ ወደ ሌላ ቦታ የሚሄድ ነገር ነበር። አዲስ አበባም ልትነቀል ጥቂት ነበር የቀራት። ንጉሠ ነገሥቱ ደን ወዳለበት ወደ ምዕራብ አዲስ ዓለም ላይ ቤተ መንግሥት ማሠራት ጀምረው ነበር። ከተማዋን ባለችበት እንድትቀር ከረዷት ነገሮች ዋናው በ1880ዎቹ መጨረሻ ከአውስትራሊያ የመጣው ባሕር ዛፍ ነው። እየተተከለ ተስፋፋና ማገዶውም የቤት መሥሪያውም ተገኘ። የአዲስ ዓለሙ ቤተ መንግሥትም ቤተ ክርስቲያን ሆኖ ቀረ።

ይህ ታሪክ ሲነገር ሁልጊዜ የሚገርመኝ አንድ ነገር አለ። ዛፉን ማን እንዳመጣው፣ ማን እንዳስተከለው ይጻፋል። ጭራሮውን ማን ለቅሞ፣ ማን አዝሎ ከተማ እንዳወረደው ግን የሚጽፍ የለም።

ክፋቱም ቢሆን ቶሎ ነው የታየው። ገና በ1905 ዓ.ም. ገደማ ባሕር ዛፍ ውኃ እያደረቀ ነው ተብሎ አብዛኛው እንዲነቀልና በምትኩ ሌላ እንዲተከል ትእዛዝ ወጥቶ ነበር። ሳይፈጸም ቀረ። ማን ይንቀለው? ሁሉም ቤት የሚያነደው እሱን ነው። እንግዲህ እኛ ባለፈው ስብሰባ የተጨቃጨቅንበት ነገር ከመቶ ዓመት በላይ ዕድሜ አለው ማለት ነው፤ እኛ አልጀመርነውም።

ውኃ የሚጠጣበት ምክንያት ቀላል ነው፤ ፈጥኖ የሚያድግ ነገር ብዙ ይጠጣል። ሥሩ ይርቃል፣ ዓመቱን ሙሉ አረንጓዴ ነው፣ በበጋም አይታክትም። ዝናብ በሚበዛበት አገር ወይም ረግረግ ቦታ ላይ ይህ ላይጎዳ ይችላል። ምንጭ ራስ ላይ ሲሆን ግን ከምንጩ ጋር የሚሻማ ባላጋራ አስቀመጥን ማለት ነው። ሌላም አለ። ከባሕር ዛፍ ሥር ሣር እንደ ልብ አይበቅልም። የረገፈውን ቅጠል ደግሞ እኛው ለምጣድ ጠራርገን እንወስደዋለን። አፈሩ ልብስ የለውም ማለት ነው። ሐምሌ ላይ ዝናቡ ሲመጣ አፈሩን ይዞት ይወርዳል። ስለዚህ «ባሕር ዛፍ አፈር አስጠረገ» ስንል ግማሹ ሥራ የዛፉ ነው፣ ግማሹ የእኛ የመጥረጊያችን ነው። መጥረጊያውን ያስያዘን ምን እንደሆነ ደግሞ ሁላችንም እናውቃለን። ቤት ውስጥ የሚነድ ነገር የለም።

እዚህ ላይ ስለ እንጦጦ ሴቶች ሳላነሳ ማለፍ አልችልም። ከመካከላችን ያንን ዳገት የምታውቁት አላችሁ። ጎሕ ሳይቀድ ተነሥቶ ወደ ጫካ፣ ከ30 ኪሎ በላይ የሚመዝን ጭራሮና ቅጠል በገመድ አስሮ፣ ወገብ ጎብጦ፣ ቁልቁል ወደ ሽሮ ሜዳ። መንገድ ላይ ጠባቂ ካገኘ ገመዱም ሸክሙም ይወሰዳል። ያ ሁሉ ደክሞ የሚገኘው የዕለት ጉርስ ነው። ስለ ደን በተነሣ ቁጥር ጣት የሚቀሰረው በእነዚህ ሴቶች ላይ ነበር፤ «ደኑን ጨረሱት» ይባላል። እስኪ ፍርድ ስጡ። መጥረቢያ የሌላት፣ የደረቀ ጭራሮ የምትለቅም ሴት ናት ደን የጨረሰችው? እርሻ ለማስፋት ጫካ የሚመነጥረው፣ ከሰል በጭነት መኪና የሚያወርደው፣ ለግንባታ ግንድ የሚያስቆርጠው የት ሄደ? በ2013 ዓ.ም. እንጦጦ ላይ ትልቅ መናፈሻ ተከፍቷል፤ ተራራው አምሯል፣ ሰው ይዝናናበታል። እኔ የምለው ደን ሲጠበቅ በደኑ ይኖር የነበረውም ሰው አብሮ ይታሰብ ነው። አለበለዚያ ሸክሙ ከአንድ ጫካ ወደ ሌላ ጫካ ይዛወራል እንጂ አይቀርም።

ይህን ካልኩ በኋላ ግን ወደ ራሳችን ልመለስ። የአገራችን ቤት አሁንም አብላጫውን የሚያበስለው በእንጨት፣ በከሰልና በኩበት ነው። ከዚያ ውስጥ ትልቁን የሚበላው ምንድን ነው ካላችሁ እንጀራ ነው። ሦስት ጉልቻ ላይ የተጣደ ምጣድ እሳቱን በሦስቱም ጎን ለንፋስ ይሰጣል፤ ምጣዱን የሚያገኘው ትንሹ ነው። እኛ የምናነደው ለእንጀራው ብቻ ሳይሆን ለግድግዳውም ለጣሪያውም ለዓይናችንም ነው። ኩበት ስናነድ ደግሞ የመሬቱን ማዳበሪያ ነው የምናቃጥለው። ጭሱን ተላምደነዋልና እንደ በሽታ አንቆጥረውም። የዓለም ጤና ድርጅት በቤት ውስጥ ጭስ ምክንያት እ.ኤ.አ. በ2020 ብቻ በዓለም 3.2 ሚሊዮን ሰው እንደሞተ ይገምታል። ቅድሚያ የሚጠቁት ደግሞ ምድጃ አጠገብ የሚውሉት ናቸው፤ ሴቶችና በጀርባቸው ያዘሏቸው ሕፃናት።

«ምርጥ» የሚባለውን የእንጀራ ምድጃ ጥቂቶቻችሁ ቤት አይቼዋለሁ። ከሲሚንቶና ቀላል ከሆነ የእሳተ ጎመራ ድንጋይ ድቃቂ የሚሠራ፣ ምጣዱን ዙሪያውን የሚያቅፍ፣ በኋላው ጭሱ የሚወጣበትና ትርፍ ሙቀቱ ድስት የሚያሞቅበት ያለው። ከጉልቻ ጋር ሲነጻጸር ማገዶውን እስከ ግማሽ ይቀንሳል። ለከሰል «ላቀች» አለ፤ እሱም ከኬንያው የሸክላ ከሰል ምድጃ ተወስዶ ለእኛ ቤት እንዲስማማ ሆኖ የተሠራ ነው። የኤሌክትሪክ ምጣድ ካላት ደግሞ እሰየው፤ ብቻ መብራቱ ሲጠፋ ሊጡ እንዳይበላሽ ምርጡ ምድጃ ጥጉን ይዞ ይቀመጥ። እኔ ስሌቴ እንዲህ ነው። በየቤታችን ማገዶው በግማሽ ቢቀንስ፣ ከኮረብታው አምስት ዓመት ጠብቀን የምናገኘውን እንጨት ገሚሱን ዛሬውኑ ኩሽናችን ውስጥ አገኘነው ማለት ነው። ችግኝም፣ ዝናብም፣ ጠባቂም አይፈልግም።

አሁን ወደ ጎረቤት አገር ልውሰዳችሁ። ስለ ዋንጋሪ ማታይ ስማቸውን የሰማችሁ ትኖራላችሁ። እ.ኤ.አ. በ1940 በኬንያ ኔሪ አካባቢ የተወለዱ፣ ከምሥራቅና ከመካከለኛው አፍሪካ ሴቶች መጀመሪያ የዶክትሬት ማዕረግ ያገኙ፣ እ.ኤ.አ. በ2004 የኖቤል የሰላም ሽልማት የተሸለሙ ናቸው። ልጅ ሳሉ እናታቸው ማገዶ ሲልኳቸው «ከዚያ ዛፍ እንዳትለቅሚ» ይሏቸው ነበር። ዛፉ የእኛ የሾላና የዋርካ ዘመድ ነው፤ በአካባቢው ሰው ዘንድ የእግዚአብሔር ዛፍ ተብሎ ይከበራል። ከአጠገቡ ምንጭ ይፈልቅ ነበር፤ ሕፃኗ ዋንጋሪ እዚያ በእንቁራሪት እንቁላል ስትጫወት ትውል ነበር። አሜሪካ ተምረው ሲመለሱ ዛፉ ተቆርጧል፣ ምንጩም ደርቋል። እኛም አገር ዋርካው ሥር እርቅ ይወርዳል፣ ዳኝነት ይታያል፣ ማንም አይቆርጠውም ነበር። አያቶቻችን የሥሩንና የውኃውን ነገር በመጽሐፍ አልተማሩትም፤ ግን «አትንኩት» ብለው ጠበቁት። የተከበረው ዛፍ ሲቆረጥ አብሮት የሚሄደው ውኃም ነው።

ከዋንጋሪ ታሪክ እኔ የምወደው ሽልማቱን አይደለም። የገጠር ሴቶች «ማገዶ የለንም፣ ንጹሕ ውኃ የለንም፣ የልጆቻችን ምግብ ተጓደለ» ብለው ሲናገሩ ሰምተው «እንግዲያው ዛፍ እንትከል» አሉ። እ.ኤ.አ. በ1977 ናይሮቢ ውስጥ በሰባት ችግኝ ጀመሩ። ከሰባቱ አብዛኞቹ አልጸደቁም። የደን ባለሙያዎች ደግሞ «ዛፍ መትከል ትምህርት ይፈልጋል» ብለው ተጠራጠሩ። ሴቶቹ ግን ባቄላና በቆሎ መዝራት የሚያውቁ ናቸው፤ በተሰበረ ድስትም በቆርቆሮም ዘር እያፈሉ ተማሩ። ለአንዲት ሴት ጥቂት ሳንቲም የሚከፈላት ችግኙን በተከለች ዕለት አልነበረም፤ ችግኙ መጽደቁ ተቆጥሮ ነበር የሚከፈላት። የአረንጓዴ ቀበቶ ንቅናቄ የተባለው ማኅበራቸው በእነዚህ ሴቶች እጅ ከ50 ሚሊዮን በላይ ዛፍ ተክሏል። እኚሁ ሴት እ.ኤ.አ. በ1989 ናይሮቢ መሐል ባለው መናፈሻ ላይ 60 ፎቅ ሕንፃ ሊሠራ ሲል ብቻቸውን ተነሥተው ተቃወሙ፤ ተሰደቡ፣ ተዋረዱ፣ ሕንፃው ግን ሳይሠራ ቀረ።

ጽድቀቱ ተቆጥሮ ይከፈል ነበር ያልኩትን እባካችሁ ያዙልኝ፤ ኋላ እመለስበታለሁ።

አሁን የእናታችን ጥያቄ። «ዝግባ እስኪያድግ የት አለሁ?» ዝግባና ጽድ፣ ወይራም ቢሆን፣ እውነት ነው፣ ይዘገያሉ። አገር በቀል ማለት ግን ዝግባ ብቻ ማለት አይደለም። ዋንዛ ቶሎ ይደርሳል፤ አበባው ለንብ ነው፣ እንጨቱ ለከበሮና ለወንበር ነው። ብሳናም ፈጥኖ ያድጋል፤ ንብ የሚወደው ነው። ግራዋ ጠላ ጠማቂዎች ታውቁታላችሁ፤ ጋን የምታጥቡበት ነው። ከሁሉ በላይ ግን ጌሾ! በዚህ ስብሰባ ስለ ጌሾ ማንም አለማንሳቱ አስገርሞኛል። ግማሾቻችን ጠላና ጠጅ እየጠመቅን ነው ልጅ ያሳደግነው፤ ጌሾ ግን ከገበያ እንገዛለን። ጌሾ የአገራችን ተክል ነው፣ ደጋ ይወዳል፣ ቅጠሉ በጥቂት ዓመት ውስጥ ይሸጣል፤ ቅጠሉ ሲለቀም ተክሉ አይሞትም። በዋንዛውና በብሳናው መሐል ጌሾ ብንደረድር፣ ከዳር ቀፎ ብንሰቅል፣ የባሕር ዛፉን አጣና ከመጠበቃችን በፊት እጃችን ላይ ገንዘብ ይገባል። ዝግባውና ወይራው በዚያ ሁሉ ጥላ ሥር ቀስ ብለው ይደጉ። ማን ያጣድፋቸዋል?

ዘር ከየት ይገኛል ትሉ ይሆናል። ወደ ቤተ ክርስቲያናችን ግቢ ተመልከቱ። በደቡብ ጎንደር ብቻ ከአንድ ሺህ በላይ የቤተ ክርስቲያን ደኖች አሉ፤ ከላይ ሲታዩ በታረሰ መሬት መሐል እንደ አረንጓዴ ደሴት ናቸው። ዶክተር ዓለማየሁ ዋሴ እነዚህን ደኖች ለብዙ ዓመት ያጠኑ ምሁር ናቸው። ከብት እየገባ ችግኙን ሲበላ አይተው ከካህናቱና ከምእመናኑ ጋር ሆነው ማሳ ላይ የተከመረውን ድንጋይ ለአጥር እንዲውል አድርገዋል። ገበሬው ማሳው ጠራለት፣ ደኑም ታጠረ። በየደብሩ ያለው ዛፍ የቀረው ሰው ስላልደረሰበት አይደለም፤ ስላከበረው ነው። እኛም አስተዳዳሪውን አስፈቅደን፣ የወይራና የዝግባ፣ የኮሶና የጽድ ዘር ከሥሩ እንልቀም። ሙስሊም እኅቶቻችን በመስጊዱና በመቃብሩ ቦታ ያለውን የምታውቁ እናንተ ናችሁ፤ ከዚያም እንዲሁ።

አሁን ስለ ጽድቀቱ። በዚህ አገር መትከል እናውቅበታለን። ክረምት ሲገባ ካናቴራ ይታደላል፣ ፎቶ ይነሣል፣ ይጨፈራል። በኅዳር ግን ያ ችግኝ የት እንዳለ የሚጠይቅ የለም። ፕላስቲኩ ሳይቀደድ የተተከለ አለ፤ ሥሩ ታፍኖ ይሞታል። የተቆፈረው ጉድጓድ ጭልፋ የማይሞላ አለ። ፍየል የበላው አለ፤ ከሁሉ የሚበዛው ግን በጥርና በየካቲት ውኃ አጥቶ የደረቀው ነው። የሚረዱን እንግዶቻችንም እዚህ ስላሉ፣ በውጭ አገር ያላችሁት ልጆቻችንም ይህን ስለምታነቡት፣ በትሕትና አንድ ነገር ልጠይቃችሁ። «ስንት ችግኝ ተከላችሁ?» አትበሉን። በሦስተኛው ዓመት መጥታችሁ «ስንቱ ቆሟል?» በሉን። ለተከላ ቀን ገንዘብ የሚሰጥ አይጠፋም። ከባዱ ለበጋ ውኃ አጠጪና ለጠባቂ የሚከፈል ማግኘት ነው። ሪፖርት ላይ አያምርም፤ በፎቶ አይታይም። ዛፉን የሚያቆመው ግን እሱ ነው።

እንግዲህ በግልጽ ልናገር። የእኔ ሐሳብ ይህ ነው። ከምንጩ በላይ ባለው ገጽ፣ ውኃው ከሚፈልቅበት እስከ ኮረብታው ጫፍ፣ ባሕር ዛፍ አይተከል። ጌሾ፣ ዋንዛ፣ ብሳና፣ ግራዋ፣ በመሐል በመሐሉ ወይራና ዝግባ ይሁን። ከመንገዱ በታች ያለው ደረቅ ቁልቁለት ግን ለባሕር ዛፍ ይተው፤ የምሰሶና የአጣና ገንዘባችን ከዚያ ይውጣ፤ ቅጠሉም ሁሉ አይጠረግ፣ ገሚሱ ለአፈሩ ይቅር። ባሕር ዛፍ ያላችሁትም አገር በቀል ያላችሁትም ሙሉውን አላገኛችሁም፤ ከዚህ የተሻለ ያላት ትነሣና ትናገር።

ሁለተኛ፣ ከቁጠባችን ለምርጥ ምድጃ ብድር እንፍቀድ። በየሳምንቱ ከመዋጮ ጋር ትንሽ ትንሽ እየተከፈለ ይመለስ። በመጀመሪያ ዙር ቅድሚያው ጭሱ ክፉኛ ለሚጎዳቸው፣ ሕፃን ላላቸውና ሳል ለያዛቸው ይሁን። ምድጃውን ሠርተው የሚሸጡ ሴቶች በየከተማው አሉ፤ ከነጋዴ ይልቅ ከእነሱ እንግዛ። ሁለት አባሎቻችን ሥራውን ቢማሩልን ደግሞ ሁለተኛውን ዙር ራሳችን እንሠራዋለን።

ሦስተኛ፣ ችግኙ በቁጥር ይከፋፈል። እያንዳንዷ አባል የራሷ መደብ ይኑራት፤ ስሟ በመዝገብ ይጻፍ። በበጋ የምታጠጣው እሷ ናት፤ ብትታመም ወይም ብትወልድ ተረኛዋ ትተካታለች፣ እንደ ዕድር። የጌሾው ገቢ ሲከፈል ግን የሚቆጠረው የተተከለው ሳይሆን የጸደቀው ይሁን። ይህ ያስቆጣል፤ አውቃለሁ። ባለፈው ጊዜ የቀረች ሴትና ያጠጣች ሴት እኩል ሲካፈሉ የተቆጣችው ግን ከዚህች የባሰች ናት።

ድምፅ የሚሰጠው በሚቀጥለው ወር ስብሰባ ላይ ነው። ከዚያ በፊት ቅዳሜ ጠዋት ኮረብታው ላይ እንገናኝ፤ ምንጩን በዓይናችን እንየው፣ ደረቁንም እርጥቡንም በእግራችን እንለየው። ሐሳቡ ከጸደቀ ጉድጓዱ ዝናቡ ከመግባቱ በፊት በግንቦት መቆፈር አለበት፤ ዶማና አካፋ ያላችሁ፣ ወንድ ልጅም ለአንድ ቀን የምትሰጡን፣ ከሻይ በኋላ ለጸሐፊዋ ስማችሁን አስመዝግቡ። እናታችን እርስዎም ይምጡ፤ ዝግባውን የት እንደምንተክለው የሚያሳዩን እርስዎ ነዎት።